አስፈሪው ስፍራ በፈጠራ ድርሰት፦ ከየካ ዋሻ ደጃፍ የተሰነዘረ ሂስ

የሰው ልጅ ከተፈጥሮ ጋር ባደረገው የረጅም ዘመን ትግል ውስጥ ያልደረሰበትን ስፍራ በዝምታ አልፎት አያውቅም። ጭው ያለውን ገደል፣ ጥልቁን ባሕር፣ ጨለማ የዋጠውን ዋሻ ስም አውጥቶለታል፤ ስም ካወጣለትም በኋላ ተረት ፈጥሮለታል። አንዱን ስፍራ ዘንዶ ይጠብቀዋል፤ ሌላውን ጋኔን ሰፍሮበታል፤ በሦስተኛው የገባ አይወጣም። በጽሑፍ የሚቀርበው ምናባዊ ልብወለድም ይህንኑ ውርስ ተቀብሎ፣ በሌለ ዓለም ውስጥ ያለ አስፈሪ ስፍራ መፍጠርን ከዋነኛ ሥራዎቹ አንዱ አድርጎታል። ስለዚህ ሐያሲ ሊያነሣው የሚገባው ጥያቄ «እንዲህ ያለ ስፍራ በእውን አለን?» የሚል ሳይሆን፣ «በድርሰቱ ውስጥ የተፈጠረው ፍርሃት ከሰው ሕይወት ጋር ምን ግንኙነት አለው?» የሚል ነው።

ይህን ጽሑፍ እንዳዘጋጅ ያነሳሱኝ ባለፉት ጥቂት ዓመታት ወጣት ጸሐፍት አስተያየት እንድሰጥባቸው ያቀበሉኝ ረቂቆች ናቸው። ገና ያልታተሙ በመሆናቸው የደራሲዎቻቸውን ስም አልጠቅስም። ከረቂቆቹ ውስጥ ብዙዎቹ መቼታቸውን የካንና የእንጦጦን ኮረብታዎች ማድረጋቸው ትኩረቴን ስቦታል። በአንደኛው ድርሰት የየካው ዋሻ ከምድር በታች ወዳለ መንግሥት የሚያስገባ በር ነው። በሌላው የእንጦጦ ጫካ ሺህ ዓመት የኖረና የገባበትን ሰው መንገድ እያጠፋ የሚያስቀር ሕያው ፍጥረት ነው። ምናቡ የሚበረታታ ነው። ነገር ግን አንብቤ ስጨርስ አንዱም አላስፈራኝም። ያገራችን ሰው «የማያውቁት አገር አይናፍቅም» ይላል፤ እኔ ደግሞ የማያውቁት አገር አያስፈራምም እላለሁ።

ሂስ ከራስ ሲጀምር ያምራልና በቅድሚያ የራሴን ጥፋት ልናገር። ከ20 ዓመት ገደማ በፊት በየካው ዋሻ ላይ የተመሠረተች አንዲት ባለ አንድ ገቢር ተውኔት ጽፌ ነበር። በመድረኩ መካከል ከካርቶንና ከአቡጀዲ የተሠራ የዋሻ አፍ ቆመ፤ ጢስ ወጣ፤ ከበሮ ተመታ፤ ከውስጥ «ማነህ አንተ?» የሚል ጎርናና ድምፅ ተሰማ። ተመልካቹ ሳቀ። ያን ጊዜ ጥፋቱን በመብራት ባለሙያው፣ በተዋናዩ፣ በመጨረሻም በተመልካቹ ላይ አላከክሁ። እውነቱ ግን ሌላ ነበር። ዋሻው ካለበት ኮረብታ ሥር፣ ፈረንሳይ ለጋሲዮን አካባቢ፣ ለዓመታት ተከራይቼ ስኖር አንድም ቀን ወጥቼ ዋሻውን አላየሁትም ነበር።

ተውኔቷ ከወደቀች በኋላ በአንድ የጥቅምት ማለዳ ወጣሁ። ዋሻ ሚካኤል ከአንድ ወጥ አለት ተፈልፍሎ የተሠራ ጥንታዊ ቤተ ክርስቲያን ነው። ትውፊት ሥራውን ለነገሥታቱ ለአብርሃና ለአጽብሃ ይሰጣል፤ የታሪክና የኪነ ሕንጻ አጥኚዎች ደግሞ ወደ መካከለኛው ዘመን ያቀርቡታል። ጣሪያው ክፍት ነው። እኔ ጨለማ ፍለጋ ወጥቼ ያገኘሁት ብርሃን ነበር፤ ሰማዩ በቀጥታ ወደ ወለሉ ይወርዳል። በአቅራቢያው ሸክማቸውን ድንጋይ ላይ አስደግፈው የሚያርፉ እንጨት ተሸካሚ ሴቶች አገኘሁ። ዋሻውን ይፈሩት እንደሆነ ጠየቅኋቸው። ጥያቄው አስገረማቸው። የሚፈሩት ሌላ ነበር፤ ይኸውም ገና ሳይነጋ ሲወጡ የሚገጥማቸው ጅብ፣ ሸክም ጀርባ ላይ እያለ የሚያዳልጠው ቁልቁለት፣ እንጨቱን የሚቀማቸው ሰው፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ባዶ እጅ ወደ ቤት መመለስ ነበር። ዋሻው ለእነሱ ከዝናብ መጠለያ፣ ከድካም ማረፊያ ነው። በዚያች ማለዳ የተረዳሁት ነገር ቢኖር፣ ተመልካቼ የሳቀው ፍርሃቱ የማንም ስላልነበረ መሆኑን ነው።

ይህ ማለት ግን ደራሲ ስለ ሩቅ ወይም ስለ ሌለ አገር መጻፍ የለበትም ማለት አይደለም። እንዲህ ያለ ድምዳሜ የምናብን ሥራ ከነጭራሹ መካድ ይሆናል። ነገሩን ለማጥራት ከአገራችን ስም ጋር የተያያዘ አንድ ዓለም አቀፍ ምሳሌ እንመልከት።

እንግሊዛዊው ደራሲ ሳሙኤል ጆንሰን «ራስላስ» የተባለውን ድርሰቱን ያሳተመው እ.ኤ.አ. በ1759 ነው። ይህ ድርሰት በሲራክ ኅሩይ ተርጓሚነት ለአማርኛ አንባቢ ደርሷል። መቼቱ በአማራ ምድር ያለ፣ ዙሪያውን በተራራ የታጠረ የደስታ ሸለቆ ሲሆን፣ የንጉሠ ነገሥቱ ልጆች ዙፋን እስኪደርሳቸው ድረስ በዚያ ተዘግተው ይኖራሉ። ወደ ሸለቆው የሚገባው ከአለት ሥር በሚያልፍ ዋሻ ብቻ ነው። የዋሻው አፍ ጥንታውያን አንጥረኞች በሠሩት፣ ያለ ልዩ መሣሪያ ማንም ሊከፍተው በማይችለው የብረት መዝጊያ ተዘግቷል። በሸለቆው ውስጥ ረኀብ የለም፤ አውሬም የለም። አስፈሪነቱ ምንም ባለመጉደሉ ላይ ነው።

ጆንሰን ኢትዮጵያን በዓይኑ አላየም። ስለ አገሪቱ ያወቀው በአብዛኛው የፖርቱጋላዊውን ሚሲዮናዊ የጄሮኒሞ ሎቦን የጉዞ ታሪክ ከፈረንሳይኛ ወደ እንግሊዝኛ በመመለሱ ነው፤ ትርጉሙም የታተመው እ.ኤ.አ. በ1735 ነበር። የእስረኞቹ መሳፍንት ወሬ ግን ከባዶ የተፈጠረ አይደለም። በወሎ፣ በአምባሰል የሚገኘው አምባ ግሸን ለዙፋን የሚያሠጉ የንጉሥ ልጆችና ዘመዶች የሚጠበቁበት ተራራ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1434 የነገሡት ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ ራሳቸው ወደ ዙፋን የመጡት ከዚያ ነው። እ.ኤ.አ. ከ1520 ጀምሮ በአገራችን 6 ዓመት ያህል የቆየው ፖርቱጋላዊው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ ስለዚሁ ተራራ ጽፏል። ወሬው አውሮጳ ገብቶ ከቃል ወደ ቃል እየተዛወረ ሲሄድ ተራራው ገነት ሆነ፤ እንግሊዛዊው ባለቅኔ ሚልተን እ.ኤ.አ. በ1667 ባሳተመው ታላቅ ግጥሙ የአማራን ተራራ ከገነት ጋር ካነጻጸራቸው ስፍራዎች አንዱ አድርጎ አነሣው። እንግዲህ የእኛ ወህኒ ለሌላው ሕዝብ የቅዠትና የሕልም አገር ሆኖ ነበር ማለት ነው።

ታዲያ አማራን ያላየው ጆንሰን የፈጠረው ስፍራ ስለምን ሕይወት አለው? የማያውቁት አገር አያስፈራም ያልሁትን የሚያፈርስ ይመስላል። እኔ ግን እንደሚያጸናው አምናለሁ። ጆንሰን ያላወቀው የመሬቱን መልክ ነው። መዘጋትን ግን አሳምሮ ያውቀዋል። ድርሰቱን የጻፈው በአንድ ሳምንት ምሽቶች ውስጥ፣ ለእናቱ የቀብር ወጪ ገንዘብ ለማግኘት እንደነበር ይነገራል። ችግር የዘጋበት ሰው፣ ድሎት ስለዘጋበት ልዑል ጻፈ። ሸለቆውም ሕግ አለው። በሩ የሚከፈተው ንጉሠ ነገሥቱ በዓመት አንድ ጊዜ ለጉብኝት ሲመጡ ነው፤ በዚያ የ8 ቀን በዓል የሙዚቃና የጭፈራ ባለሙያዎች እየገቡ ችሎታቸውን ያሳያሉ፤ ሥራቸው ደስ ያሰኘ እንዲቀሩ ይፈቀድላቸዋል፤ አንዴ የብረቱ በር የተዘጋበት ግን ተመልሶ አይወጣም።

የኪነ ጥበብ ባለሙያ የሆነ አንባቢ ይህን አንቀጽ ደጋግሞ ቢያነበው አይጸጸትም። በጆንሰን ሸለቆ ውስጥ ዘንዶ የለም፤ ነገር ግን ከዘንዶ ይልቅ የሚያስፈራ አንድ ነገር አለ፤ እሱም ሥራው ስለተወደደለት ብቻ መውጫ ያጣ አርቲስት ነው። እኔ በካርቶን የሠራሁት ዋሻ ያልነበረው ይህ ነው። ሸለቆው ለገባበት ሁሉ ዋጋ ያስከፍላል፤ የሚያስከፍለውን ዋጋም አስቀድሞ አይናገርም።

ከሸለቆው የሚወጣበት መንገድም ሊጤን ይገባዋል። በመጀመሪያ አንድ ብልሃተኛ ክንፍ ሠርቶ ለመብረር ይሞክራል፤ ሐይቅ ውስጥ ይወድቃል። በመጨረሻ ልዑሉና አስተማሪው ኢምላክ ትናንሽ እንስሳት ጉድጓዳቸውን ወደ ላይ እያጋደሉ ሲቆፍሩ አይተው፣ ተራራውን በእጃቸው ይቆፍራሉ። ምስጢራዊው ስፍራ የተሸነፈው በአስማት ሳይሆን በሥራ ነው። የድርሰቱ ጉድለት ደግሞ እዚሁ ላይ ይታያል። ተራራውን የሚያርስ፣ በጉን የሚያግድ፣ የብረቱን በር የሚጠብቅ ያማራ ገበሬ በስሙ ተጠርቶ፣ በአንደበቱ ሲናገር አናገኝም። ጆንሰን የልዑሉን መሰልቸት ሰምቷል፤ የባላገሩን ድካም ግን አልሰማም። ይህን ጉድለት መሙላት የእኛ የኢትዮጵያውያን ደራስያን ፋንታ ነው።

ሁለተኛው ምሳሌ ከዘመናችን ምናባዊ ልብወለድ ዝነኛ ከሆነው፣ እ.ኤ.አ. በ1954 እና በ1955 ከታተመው የጄ. አር. አር. ቶልኪን «የቀለበቶቹ ጌታ» ይወሰዳል። በዚያ ዓለም ውስጥ ሞሪያ የተባለ ከተራራ ሥር የተፈለፈለ ታላቅ ከተማ አለ። ድንክ ሕዝቦች ውድ ማዕድን ፍለጋ እየቆፈሩ ወደ ጥልቁ ሲወርዱ ተኝቶ የነበረ የእሳት ጭራቅ ቀሰቀሱ፤ ከተማቸውም መቃብራቸው ሆነ። ወጣቶቻችን ከዚህ ድርሰት ጭራቁን ወስደው ማዕድኑን ይተዉታል። ይሁን እንጂ የሞሪያ ጨለማ የሚያስፈራው የሠሪዎቹን ድካምና ስስት ስለተሸከመ ነው። ቶልኪን እ.ኤ.አ. በ1916 በሶም ጦርነት የተሰለፈ ወታደር ነበር፤ በድርሰቱ ውስጥ ያለው የሙታን ረግረግ ከዚያ ጦርነት በኋላ ለነበረው የሰሜን ፈረንሳይ ምድር ዕዳ እንዳለበት ራሱ በደብዳቤ ገልጿል። የሌለው ዓለም ከነበረው ዓለም ጭቃ ተቦክቶ መሠራቱን ከዚህ እንረዳለን።

ወደ ራሳችን ሥነ ጽሑፍ ስንመለስ፣ ምናባዊነት ለአማርኛ ልብወለድ እንግዳ አለመሆኑን ማስታወስ ያሻል። አቤ ጉበኛ ገና በማኅፀን ያለ ፅንስ አልወለድም ብሎ የሚከራከርበትን ድርሰት በ1950ዎቹ ሲያቀርቡ፣ የሰውን መጀመሪያ መኖሪያ የሙግት አደባባይ አድርገውታል። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የይስማዕከ ወርቁ «ዴርቶጋዳ» ደግሞ ጣናንና ገዳማቱን የምስጢር መጋረጃ አድርጎ እጅግ ብዙ አንባቢ አፍርቷል። የዚህ ድርሰት ትልቁ ፋይዳ፣ በእኔ ግምት፣ ምስጢራዊውን ስፍራ ከጋኔን አውጥቶ ለዕውቀት መስጠቱ ነው። የአገሬው አንባቢ በአገሩ መልክዐ ምድር ላይ የተሠራ ምናባዊ ዓለም እንደሚሻም አረጋግጧል። ስለዚህ ገበያ የለም፣ አንባቢ የለም የሚለው ምክንያት ከእንግዲህ አያስኬድም።

አሁን ወደ ዋሻው ጉዳይ ልመለስ። በአገራችን ታሪክ ውስጥ ዋሻ ለብዙ አገልግሎት ውሏል፤ መናኝ ጸልዮበታል፤ እረኛ ከዶፍ ተጠልሎበታል፤ ገበሬ እህሉን ደብቆበታል፤ አርበኛ ቁስሉን አስሮበታል። በሰሜን ሸዋ፣ ዘረት በተባለው አካባቢ «አመፀኛ ዋሻ» የሚባል ስፍራ ይገኛል። በሚያዝያ ወር 1931 ዓ.ም. የፋሺስት ኢጣልያ ጦር በዚህ ዋሻ የተጠለሉትን አርበኞችና ከነሱ ጋር የነበሩትን ሴቶች፣ ሕፃናትና አረጋውያን ከብቦ የመርዝ ጋዝ ለቀቀባቸው፤ እጅ ከሰጡትም ወንዶቹን በጥይት ፈጃቸው። የሟቾቹ ቁጥር በመቶዎች የሚቆጠር ነው። ድርጊቱን አንድ ጣልያናዊ የታሪክ አጥኚ በ2000ው ዓ.ም. ዋዜማ ከጦሩ ሰነዶች አግኝቶ፣ ዋሻውንም በአካል ሄዶ አይቶ ለዓለም አሳወቀ። ከዚያ በኋላ የገቡት የቅርስ ቁፋሮ ባለሙያዎች የእህል ማስቀመጫ፣ የሸክላ ስብርባሪና የሰው አጽም አግኝተዋል።

እዚህ ላይ ደራሲ ቆም ብሎ ሊያስብ ይገባዋል። የእህል ማስቀመጫ ያለበት ዋሻ ቤት ነው። ያን ቤት ወደ ሲኦል የለወጠው ከምድር በታች የሚኖር ጋኔን ሳይሆን ከውጭ የመጣ፣ ስም ያለው፣ ሰነድ የሚጽፍ ኃይል ነው። በምናባዊ ድርሰቶቻችን ውስጥ ግን አደጋው ሁልጊዜ ከዋሻው ውስጥ ይወጣል። የተጠለለውን ሕዝብ ረስተን መጠለያውን ጭራቅ ስናደርገው፣ ሳናውቀው ጥፋቱን ከአጥፊው ላይ አንሥተን በድንጋዩ ላይ እንጭነዋለን። የእኔ ተውኔት ኃጢአት ይህ ነበር፤ የረቂቆቹም ይኸው ነው። በአማርኛ የሚጻፍ አስፈሪ ዋሻ የሚያስፈራው በሚውጠው ሰው ብቻ ሳይሆን ሊያድነው ባልቻለው ሰውም ሊሆን ይችላል። ይህን የመሰለ ዋሻ ሌላ ሕዝብ ሊጽፍልን አይችልም።

ስለ እንጦጦ ጫካም አንድ ቃል መጨመር አለብኝ። ሺህ ዓመት የኖረ ጫካ ብሎ የጻፈው ወጣት ዛፎቹን በስም አልጠራቸውም፤ ቢጠራቸው ኖሮ ስሕተቱን ራሱ ባገኘው ነበር። ዛሬ ኮረብታውን ከሸፈነው ዛፍ አብዛኛው ባሕር ዛፍ ነው። ስሙ እንደሚመሰክረው ከባሕር ማዶ የመጣ፣ አገሩ አውስትራሊያ የሆነ ዛፍ ነው። ዐፄ ምኒልክ እንጦጦ ላይ ከትመው፣ በ1882 ዓ.ም. በእንጦጦ ማርያም ዘውድ ሲጭኑ ይህ ዛፍ በዚያ አልነበረም። የመናገሻዋ ማገዶና የቤት መሥሪያ ፍላጎት ጥዱንና ወይራውን እየጨረሰ ከተማዋን ሌላ ቦታ እስከ መፈለግ ካደረሳት በኋላ፣ በዚያው ዘመን ገብቶ በፍጥነት በማደጉ አዲስ አበባን ባለችበት አጸናት። ስለዚህ ጫካው ሺህ ዓመት ሳይሆን መቶ ሠላሳ ዓመት ያህል ነው የኖረው፤ የበቀለውም ከተማ ስለራባት ነው።

አሁን ልጠይቅ፤ ከሁለቱ የትኛው ጫካ ለምናብ የበለጠ ይመቻል? ዕድሜው የማይታወቅ አስማተኛ ጫካ ወይስ ከሩቅ አገር መጥቶ፣ የአገሬውን ዛፍ ቦታ ወርሶ፣ ከተማን እያሞቀ፣ 30 ኪሎና ከዚያ በላይ ሸክም በሴቶች ጀርባ ላይ እየጫነ የሚኖር ጫካ? ሁለተኛውን በሌለ ዓለም ውስጥ ትከሉት፤ ስሙን ለውጡት፤ ቅጠሉን ብር፣ ግንዱን ጨረቃ አድርጉት፤ ቢሆንም ሕጉን ካልለወጣችሁት ያስፈራል። ያልቆረጠው ይበርደዋል፤ የቆረጠው ይጎብጣል።

ኮረብታው ከዚያ ወዲህም መለወጡን አላቆመም። በጫፉ ላይ ሰማይ የሚመረምሩ ሁለት ቴሌስኮፖች ተተክለዋል፤ በ2013 ዓ.ም. የእንጦጦ ፓርክ ተከፍቶ መንገዱ ተነጥፏል፤ ለመዝናናት የሚወጣው ሰው በዝቷል። ይህ መልካም ነው። ሆኖም በአንድ ኮረብታ ላይ ክዋክብት የሚቆጥር ሳይንቲስት፣ ጸበል ፍለጋ የሚወጣ ሕመምተኛ፣ ፎቶግራፍ የሚነሣ ጎብኚና ጭራሮ የተሸከመች እናት የሚተላለፉ ከሆነ፣ ደራሲው ከነዚህ ለየትኛው ዓይን እንደሚጽፍ መወሰን ይኖርበታል። ለአንደኛው መንፈስ ማደሻ የሆነው ስፍራ ለሌላዋ አጥር ሊሆን ይችላልና።

ከላይ የዘረዘርሁትን ለማጠቃለል፣ ምናባዊ ድርሰትን የምንገመግም ሁሉ አስፈሪውን ስፍራ ሦስት ነገር ብንጠይቀው እወዳለሁ። አንደኛ፣ ማን ሠራው ወይም ማን ለወጠው? ሁለተኛ፣ የሚተዳደርበት ሕግ ምንድን ነው፤ ሕጉስ ለባለታሪኩ ሲባል በመሐል ይጣሳል ወይስ እስከ መጨረሻው ይጸናል? ሦስተኛ፣ ዋጋውን የሚከፍለው ማን ነው? የጆንሰን ሸለቆ ሁለተኛውን በሚገባ ይመልሳል፤ ሦስተኛውን በግማሽ። የቶልኪን ሞሪያ አንደኛውን ይመልሳል። የእኔ የካርቶን ዋሻ አንዱንም አይመልስም።

በኮተቤም ሆነ በሌሎች ተቋማት ሥነ ጽሑፍ የምታስተምሩ መምህራን፣ ምናብ የሚያስተምሩት መስኮት ዘግቶ ነው የሚለውን ልማድ እንድትተዉት አሳስባለሁ። ተማሪዎቻችሁን ይዛችሁ ወደ የካ ውጡ፤ ዛፉን በስሙ፣ ጅረቱን በስሙ ይጥሩት፤ የቀበና ወንዝ ከየት እንደሚነሣ በእግራቸው ይወቁት። ከዚያ በኋላ የፈለጉትን መንግሥት ይፍጠሩ። የባህል ሥራ የምትመሩ ካድሬዎችም «ምናባዊ ነውና ከሕዝብ ኑሮ የራቀ ነው» ብላችሁ ረቂቅ ከመመለሳችሁ በፊት፣ መራቁ ከርዕሱ ነው ወይስ ከአሠራሩ ብላችሁ መርምሩ። የተመለሰ ረቂቅ ሁሉ ደራሲውን ትሑት አያደርገውም፤ አንዳንዱን ዝም ያሰኘዋል። የምትቀበሉትንና የምታወድሱትን ደራሲም አደራ፤ የጆንሰን የብረት በር የተዘጋው ባልተወደዱት ላይ አልነበረም።

ባለፈው ጥቅምት እንደገና ወደ ዋሻው ወጥቼ ነበር። የቀድሞዋን ተውኔት እንደገና መጻፍ ጀምሬአለሁና መለኪያ ፍለጋ ነው የሄድሁት። ከበሮውንና ጢሱን አውጥቻቸዋለሁ። የዋሻው አፍ በመድረኩ ላይ አይታይም፤ የሚታየው ሸክሟን ድንጋይ ላይ አስደግፋ ያረፈች አንዲት ሴት ናት፤ ወደ ዋሻው ገብታ ከዝናቡ ትጠለል ወይስ ሳይመሽባት ትውረድ እያሰበች ነው። ተመልካቹ ቢስቅ ጥፋቱ የእኔ እንደሆነ ከወዲሁ እወቁልኝ። በጉዳዩ ላይ የተለየ አስተያየት ያላቸው ጸሐፍት ደግሞ በሚቀጥለው እትም ሐሳባቸውን እንዲሰነዝሩ እጋብዛለሁ።